ፓስክ ያላፈረሰው ጣራ

ሄድሊ ፓስክ እርሳስ የሚያውቅ ሰው ነበር። የመጻፊያውን እርሳስ ማለቴ አይደለም፤ በትልልቅ ቤቶች ጣራ ላይ በእንጨት መዶሻ ተዳምጦ የሚነጠፈውን ከባዱን ብረት ነው። አባቱም አያቱም በእንግሊዝ አገር ሊንከንሻየር ውስጥ በዚሁ ሙያ ኖረው አልፈዋል። እጁ እንደ አካፋ ሰፊ ነው። እኔ የመንደሩ ፖስታ አዳይ ስለነበርኩ ብስክሌቴን በየቀኑ ደጃፉ ላይ አቆም ነበር። የምነግራችሁ አብዛኛው በዓይኔ ያየሁት ነው፤ የቀረውን ሚስቱ ኦሊቭ ነግራኛለች።

ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ሥራ ሞልቶለት ነበር፤ ግን የመሥራት ሳይሆን የማፍረስ ሥራ። ወታደር ሰፍሮባቸው የተጎሳቆሉ፣ ወራሾቻቸው ጦር ሜዳ የቀሩ፣ የውርስ ግብር ያጎበጣቸው ቤቶች አንድ በአንድ ይሸጡ ጀመር። ገዢው ቤቱን አይፈልገውም፤ የሚፈልገው የምድጃውን እብነ በረድ፣ የወለሉን ሳንቃና የጣራውን እርሳስ ነው። እርሳሱ ቀድሞ ይወርዳል፤ የቀረውን ዝናብ ይጨርሰዋል። ሄድሊ በስድስት ዓመት ውስጥ የሦስት ቤት ጣራ አወረደ። ከሦስተኛው ሲመለስ መንገድ ላይ አገኘሁትና "እንዴት ዋሉ ሚስተር ፓስክ?" አልኩት።

"ሬሳ ስገፍፍ ዋልኩ" አለኝና አለፈ።

ከዚያ ተራው የቴልቶርፕ ሆነ፤ እኛው መንደር አጠገብ ያለው ትልቁ ቤት። አንድ የሃል ከተማ ቤት አፍራሽ ሊገዛው ተስማምቶ፣ ከመፈረሙ በፊት እርሳሱ ስንት ቶን እንደሚሆን እንዲገምትለት ሄድሊን ጣራ ላይ ሰደደው። እርሳስ ሠራተኞች ሥራቸውን ሲጨርሱ ጫማቸውን ጣራው ላይ አሳርፈው፣ ዙሪያውን በምስማር ጭረው ስማቸውን የመተው ልማድ አላቸው። ሄድሊ ሊለካ ሲያጎነብስ የአባቱ ጫማ ቅርጽ ከነስሙ ከጉልበቱ ሥር ነበር። ጎኑ ላይ አንድ ትንሽ ጫማ አለ፤ የራሱ፣ በአሥራ አራት ዓመቱ።

መሰላሉን ወርዶ መጣ።

"እህ፣ ስንት ቶን ነው?" አለ አፍራሹ።

"አልመዘንኩትም። አላወርደውም።"

"ታዲያ ሌላ ሰው የማጣ መሰለህ?"

"ፈልግ። ከሊንከን እስከ ባሕሩ ድረስ እርሳስ የሚያውቅ አምስት ሰው ነው ያለው። ሦስቱ ዘመዶቼ ናቸው፤ አራተኛው ይፈራኛል።"

"አምስተኛውስ?"

"አምስተኛው እኔ ነኝ፣ አንተ ደንቆሮ!"

አፍራሹ በሁለት ሳምንት ውስጥ ከሰሜን ሰው እንደሚያመጣ ዝቶ ሄደ። ሄድሊም በቀጥታ ወደ ቤቱ ወራሽ፣ በበረኛው ጎጆ ብቻውን ወደሚኖረው ወደ ሻምበል ቬንትሪስ ዘለቀ።

"ጌታዬ፣ እንዴት አስቻለዎት?"

"የወደድኩ መሰለህ ፓስክ?" አለ ሻምበሉ። "የመምህራን ማሠልጠኛ እንዲሆን ለአውራጃው ምክር ቤት በነጻ ልሰጠው ነበር። መርማሪያቸው ጣራው በስብሷል ብሎ ጻፈ፤ እነሱም ተዉት።"

"ጣራው ላይ ወጥቶ ነው?"

"ሣሩ ላይ ቆሞ በአቅራቢ መነጽር ሲያይ ነበር።"

"በመነጽር! እኔም የሚስቴን ኬክ በመነጽር አይቼ ጣዕሙን ልናገራ!"

ሻምበሉ ሳይወድ ሳቀ። ምክር ቤቱ ዳግመኛ መጥቶ እንዲያይ የሚለምነውን ደብዳቤ ያኔውኑ ጻፈ፤ ያደረስኩትም እኔ ነኝ።

ሄድሊ ከወፍጮ ቤት ነቀዝ የጀመረው ዱቄት ለምኖ በጋሪ አስመጣ። ኦሊቭ "አበድክ እንዴ? ጣራ ልትጋግር ነው?" ብላ ጮኸችበት። ነገሩ ሲገባት ግን የመንደሩን ሴቶች በየወንፊታቸው ጠራች። ከጣራው ሥር ያለውን ሰፊ የቆጥ ወለል ከዳር እስከ ዳር ዱቄት ነፋንበት፤ አንዲት ጠብታ ብትወድቅ ምልክቷ እንዲታይ። ከዚያ ቆልፈን ወረድን።

ሦስት ቀን ሙሉ ሰማዩ ተቀደደ። በአራተኛው ቀን፣ ዝናቡ ሳያባራ፣ የምክር ቤቱ ሰዎች መጡ፤ ሚስተር ጊሊያት የሚባለው መርማሪም አብሯቸው። ሄድሊ ቆጡን ከፈተ። ወለሉ እንደ በረዶ ነጭ ነው። የአይጥ ዱካ ብቻ ወዲያና ወዲህ ሄዷል። ኦሊቭ ክንዴን ጨመቀችው።

"ይኸውና!" አለ ጊሊያት ድንገት። በሰሜኑ ጭስ ማውጫ ሥር የሻይ ስኒ የምታህል እርጥብ ቦታ አለች። "ያፈሳል!"

"ልክ ነዎት፣ ያፈሳል" አለ ሄድሊ። "እስቲ ሰዓትዎን ይያዙልኝ።"

ቁራጭ እርሳስና መዶሻውን ይዞ ዝናቡ ውስጥ ወጣ። እኛ ከታች ኳ ኳ ሲያደርግ እንሰማለን። በአርባ ደቂቃው ውሃ ውስጥ የወደቀ አይጥ መስሎ ተመለሰ። ጠብታው ቆሟል።

ጊሊያት ከፍታ ይፈራ ነበር፤ ለካ መነጽሩም ለዚያ ነው። የዚያን ዕለት ግን ኮቱን አውልቆ "ወገቤን በገመድ እሰሩኝ" አለ። ሄድሊ ጣራውን ከጫፍ እስከ ጫፍ አዞረው። ጊሊያት ሲመለስ ፊቱ አመድ መስሏል፤ ድምፁ ግን ጸንቷል።

"ያንን ሪፖርት የጻፍኩት እኔ ነኝ፤ ስህተት ነው። ይህ ጣራ እኔንም ልጆቼንም ቀብሮ ይኖራል።"

በሳምንቱ ምክር ቤቱ ቤቱን ለመቀበል ድምፅ ሰጠ፤ የተቃወሙት ሁለት ብቻ ናቸው። አፍራሹ ከሰሜን ሰዎቹን ጭኖ ሲደርስ የበረኛው ጎጆ ላይ የጠበቀው ሻምበሉ ነበር፤ በእጁም የሻይ ስኒ። "ረጅም መንገድ መጥታችኋል፤ ሻይ ጠጡና ተመለሱ" አላቸው። ጠጥተው ተመለሱ።

ማሠልጠኛው በተከፈተ ቀን የመንደሩ የመለከት ባንድ ደጁን አናወጠው። ሰማንያ ሴት ተማሪዎች ሻንጣቸውን ይዘው በሰልፍ ገቡ። ኦሊቭ ፓስክ በልጅነቷ እዚያ ቤት ዕቃ አጣቢ ነበረች፤ ባሏ በለመደው በጓሮ በር ሊያስገባት ሲል እጁን ጎተተችው።

"ወዴት ነው? ዛሬስ በፊት ለፊት ነው!"

ባርኔጣዋን አስተካከለች። ሄድሊ ክንዱን ሰጣት፤ ሰፊውን የድንጋይ ደረጃ እየቆጠሩ ወጡ፤ ባንዱም እነሱ እስኪገቡ ድረስ መንፋቱን አላቆመም።