ትራክተር ያረሰው ትልም

የእኛ አገር ሰው መንገድ ሲጠፋው ቀና ብሎ ተራራ ይፈልጋል። ሱዳን ጠረፍ፣ ፋሽጋ ላይ ቀና ብትል የምታየው ማሽላ ነው። እግዜር ይህን ሜዳ ሲሠራ ተራራ አልቆበት መሆን አለበት።

በዚያ ክረምት ከታናሽ ወንድሜ ጋር ለአረም ወርደን ነበር። አንድ ቀን ረፋድ ላይ ማሽላው መሀል ንዳድ ጣለው። ሲንቀጠቀጥ ጋቢዬን አልብሼ አስተኛሁትና ካምቦ ወደምንለው የላስቲክ መጠለያችን ውሃ ላመጣ ሄድኩ። ሌሎቹ ሠራተኞች ራቅ ያለ እርሻ ላይ ስለነበሩ አንድም ሰው አላገኘሁም። ጀሪካኑን ሞልቼ ስመለስ ሰማዩ ጠቁሮ ፀሐይም ጥላም ጠፍቷል። መጀመሪያ አላሳሰበኝም። ወንድሜን የተውኩት ስናርምበት በነበረው ትልም ላይ ነው፤ ትልሙን ከያዝኩ የት ይቀርብኛል? በበሬ እያረሰ ያደገ ሰው ትልም ያምናል።

ብሄድ ብሄድ ወንድሜ የለም። ስሙን እየጠራሁ ጮህኩ፤ የማሽላው ቅጠል በነፋስ እየተንኳኳ ድምፄን ዋጠው። ከዚያ ጥቁሩ ዋልካ አፈር ላይ የሸዳ ጫማ ዱካ አየሁና ሰው ያገኘሁ መስሎኝ ደስ አለኝ። እግሬን ባስቀምጥበት ልክክ አለ። የራሴው ነበር። ፈራሁ፤ እንደዚያ ፈርቼ አላውቅም። ዝናቡ ከጀመረ ዋልካው እግር አያስነቅልም፤ የእናቴ ልጅ ብቻውን ሊሞትብኝ ነው።

በዚህ መሀል አጠገቤ ካለው ማሽላ ውስጥ የሚያጉረመርም ነገር ሰማሁ። ከርከሮ ይሁን ጅብ አላጣራሁም፤ ጀሪካኑን አቅፌ ትልሙን ይዤ እግሬ አውጪኝ አልኩ።

ትንፋሼ ሲያጥረኝ ቆምኩ። ያን ጊዜ ነው ትራክተሩ ሲያርስ ያየሁት ትዝ ያለኝ። በሬ ቀጥ ብሎ ሄዶ ቀጥ ብሎ ይመለሳል። ትራክተር ግን ከዳር ጀምሮ እርሻውን እየዞረ ወደ መሀል ይገባል። ያመንኩት ትልም ራሱ ሲያዞረኝ ቆይቷል፤ ወንድሜ ያለው ከእሱ ወደ ውስጥ ባለ ትልም ላይ መሆን አለበት። እሱን መተው ደግሞ የባሰ አስፈራኝ፤ ከእሱ ሌላ የምይዘው አልነበረኝም። ቢሆንም ያለፍኩበት እንዲታወቀኝ አገዳ እየሰበርኩ፣ ትልሙን እያቋረጥኩ ወደ መሀል ገባሁ። ብዙም ሳልሄድ የጋቢው ነጭ ታየኝ።

ዓይኑን ገለጠ። ጉሮሮው ደርቆ ድምፁ የሰው አይመስልም ነበር።

«ወንድምዓለም፣ ቅድም ስጠራህ ለምን ሮጥክ?» አለኝ።

ጀሪካኑን ወደ አፉ ሳስጠጋ ግማሹን ውሃ ደረቱ ላይ አፈሰስኩት።