ቁልቁለቱን ይዤ ያገባኋት ጎል

ካፒቴን የሆንኩት ጎበዝ ስለነበርኩ አይደለም። የስፖርት መምህራችን ሰብስቦን “ከእናንተ ውስጥ የገና ጨዋታ ተጫውታ የምታውቅ አለች?” ሲል ሌሎቹ እርስ በርስ ተያዩ፤ እኔ እጄን አወጣሁ። ከወንድሞቼ ጋር ነው ያደግኩት አልኩት። ውሸት አይደለም፣ አብሬያቸው አድጌያለሁ። እነሱ ዱላ ይዘው ሲራኮቱ ግን የእኔ ሥራ አጥር ላይ ተቀምጦ መሳደብና ሩሯ፣ ያቺ በጠፍር የተጠቀለለች ኳስ፣ ቁጥቋጦ ውስጥ ስትገባ ማውጣት ነበር።

አስረኛ ክፍል ጨርሼ ነጥቤ ለመሰናዶ ስላልበቃኝ ቡሬ ኮሌጅ ገብቼ የጽሕፈት ሥራ እማር ነበር። የኮሌጆች የሴቶች ገና ውድድር ለመጀመሪያ ጊዜ የተዘጋጀው ያኔ ነው። አሸናፊው ቡድን ለክልሉ ውድድር ባሕር ዳር ይሄዳል ተባለ፤ እኔን ከተቀመጥኩበት ያስነሳኝም ይኸው ነው። ባሕር ዳርን አይቼው አላውቅም። አንዴ አክስቴን ልጠይቅ መራዊ ድረስ ሄጄ፣ እጅግ ቢበዛ የአንድ ሰዓት መንገድ ሲቀረኝ ተመልሻለሁ። ያ ነገር እንደ እሾህ ሲወጋኝ ኖሯል። ስለዚህ ገና አንድ ጨዋታ ሳንጫወት ለቤተሰቤም፣ ለጎረቤትም፣ ለተከራየንበት ቤት ባለቤት ሴትዮም ባሕር ዳር መሄዴ ነው ብዬ ተናግሬ ጨርሻለሁ።

መምህራችን ደንቡን ወረቀት ላይ ጽፎ አንድ በአንድ ያነብልን ነበር። እኔ ከኋላ ሆኜ እስቃለሁ። የገና ጨዋታ ደግሞ ከወረቀት ይማሩታል ወይ ብዬ አጠገቤ ያለችውን እጎሽማለሁ። አጠገቤ ያለችው የክፍል ጓደኛዬ ነች፤ የግሽ ዓባይ ልጅ፣ አንድ ቤት አብረን የተከራየን፣ በቀን አሥር ቃል የማትናገር። በረኛ አድርገዋታል። እሷ እየጻፈች ትሰማው ነበር።

በእኛ አገር ገና ሲጫወቱ እረፍት የለም፣ ቦታ መቀየርም የለም። ላይ ሰፈር ሁልጊዜ ወደ ታች ይመታል፣ ታች ሰፈር ወደ ላይ። ፀሐይ እስክትጠልቅ እንደዚያው ነው። እኔ የላይ ሰፈር ልጅ ነኝ። ጎል ማለት ለእኔ ቁልቁል ነው።

ለፍጻሜ ደርሰን ከፍኖተ ሰላም ልጆች ጋር ገጠምን፣ በሜዳቸው። ሜዳው ተዳፋት ነው፤ በመጀመሪያው አጋማሽ ቁልቁል የምናጠቃው እኛ ነበርን። አንዲት ከፈረስ ቤት ከተማ የመጣች የቡድናችን ልጅ አገባችልን። እኔ ያን ሁሉ ጊዜ ከዳኛው ጋር ስከራከር ነበር። የአካባቢው ሰው ዙሪያውን ከቦ ቆሟል። አንድ ጋቢ የለበሱ አዛውንት ከተቃራኒዎቻችን መሀል ገብቼ ስቀላቀል ባዩኝ ቁጥር “አንቺ ልጅ፣ ሚናሽን ለዪ!” ይሉኛል። እኔ ደግሞ እያሞገሱኝ መስሎኝ እጄን አወዛውዝላቸዋለሁ።

ከእረፍት በኋላ ቦታ ተቀየረ። እግሬ ተቀይሯል፣ ጭንቅላቴ አልተቀየረም። ሩሯ እግሬ ሥር ስትመጣልኝ ቁልቁለቱን ይዤ ተፈተለክሁ። ሕዝቡ ጮኸ። የቡድኔ ልጆች ከኋላ እየጮሁ ይከተሉኛል፤ ሊያቅፉኝ ነው አልኩ። በረኛዋ ከጎሉ ወጥታ ሁለት እጇን ዘርግታ ፊቴ ቆመች።

“እኔ እኮ ነኝ” አለችኝ ቀስ ብላ።

“ዘወር በይ!” ብዬ በትከሻዬ ገፍቼያት አገባሁ። ከዚያም ዱላዬን ወደ ሰማይ ወርውሬ መዝለል ጀመርኩ። አራተኛው ዝላይ ላይ ይመስለኛል ብቻዬን እንደምዘል የገባኝ።

አንድ ለአንድ ሆንን፤ የእኛ ልጆች ደከሙ፣ ሊያልቅ ሲል የፍኖተ ሰላም ልጆች ሁለተኛውን አገቡብን። በረኛችን ከዚያ በፊት ስንቱን እንዳዳነች እኔ አልቆጠርኩም፤ ሰው ሁሉ ግን አይቷል።

በገና ያሸነፈ የተሸነፈውን በግጥም ይሰድባል፣ ተሰዳቢውም አይቆጣም፤ ደንቡ ነው። ከበቡኝና አጨበጨቡ፦

እኛማ ደክሞናል፣ መሮጥ አንችልም፣
የቡሬዋ ካፒቴን ታግባልን ግድ የለም።

ካፒቴናቸው ትከሻዬን ይዛ “ለእኛ ካገባሽማ የእኛ ነሽ፤ ነገ ባሕር ዳር አብረሽን ነይ” አለች። ሳቁ።

“መኪናችሁ ቦታ አለው?” አልኳት።

ሳቁ ቀስ በቀስ በረደ። ከልቤ መሆኑን ሲያዩ አሠልጣኛቸውን ጠሩት። አንዷ ቅልጥሟን ተመትታ ስለማትሄድ አንድ ቦታ አለ፤ መጫወት ግን አትችልም፣ ውኃ ታመላልሳለች፣ ልብስ ትጠብቃለች አለ። ዓረፍተ ነገሩን ሳይጨርስ እሺ አልኩ።

በረኛዋን ሜዳው ዳር ቦኖ ውኃው ጋ አገኘኋት። ማልያ ታጥቦ ነው የሚመለሰው፤ የእሷን አጥባ የእኔን እያጠበች ነበር። ነገርኳት።

“አንድ ሰው ብቻ ነው ያሉት?”

“አንድ ብቻ።”

“ከእኛ ማን ይሂድ አልጠየቅሽም?”

አልጠየቅኩም። መጠየቅ እንዳለብኝም እሷ ስትለው ነው የታወሰኝ። ማልያዬን ጨምቃ እርጥቡን እጄ ላይ አስቀመጠችልኝና ወደ መኪናችን ሄደች።

ሄድኩ። ጠዋት ወጥተን ባሕር ዳር ገባን። የፍኖተ ሰላም ልጆች ከቀትር በፊት ተሸንፈው ከውድድሩ ወጡ፤ እኔ ጀሪካን ይዤ ለማን እንደማዝን ግራ ገብቶኝ ቆሜያለሁ። ሐይቁን እንይ ብለው ሲሄዱ “ልብሱን ማን ይጠብቅ?” ተባለ፣ ሁሉም ወደ እኔ ዞሩ።

አገር ቤት ስለ ሐይቁ ሲጠይቁኝ ትልቅ ነው እላለሁ፣ ማዶው አይታይም እላለሁ። ጓደኛዬ ግን ሳምንት ሙሉ አላናገረችኝም። በስምንተኛው ቀን ሽሮ እያማሰለች፣ ሳትዞር፣ ሐይቁስ አለችኝ። ቦርሳ ስጠብቅ እንደዋልኩ፣ ያየሁትም ውኃ የጀሪካኑ ብቻ እንደሆነ ነገርኳት። ማማሰያውን ድስቱ ላይ አሳርፋ መሬት ላይ ተቀመጠች፤ እንዲያ ስትስቅ አይቼያት አላውቅም ነበር። ሽሮው አረረ። ያረረውን በላን፤ እሷ እየበላችም ትስቅ ነበር፣ እኔ ደግሞ ለመጀመሪያ ጊዜ ይቅርታ ጠየቅኳት።