ሳሙናህ የታለ?

ትሮይቪል በሚባለው ሰፈራችን ማንም ሳያስተምረኝ መካኒክ የሆንኩ እኔ ነኝ፤ እጄ የማያውቀው መኪና የለም። ታላቅ ወንድሜ ግን የዝናብ መጥረጊያ ልፈታ ስል ሁሌ «አንተ ሊቅ፣ ሳሙናህ የታለ?» ይለኝ ነበር። እሱ መጥረጊያው የሚያርፍበትን ቦታ መስታወቱ ላይ በሳሙና ሳያሰምር አይፈታም ነበር፤ መልሶ ሲገጥመው ቦታውን እንዳይስት።

ወንድሜ በሚቀበርበት ጠዋት ዝናብ ሲወርድ የእሱ መኪና መጥረጊያ እምቢ አለ። ሚስቱ «ተወው፣ በታክሲ እንሂድ» አለችኝ።

«በራሱ መኪና ካልሆነ አልሸኘውም!»

መኪናውን ጋራዡ ውስጥ አስገባሁ። ፊውዙ ደህና ነው፤ ኤሌክትሪክም እስከ መጥረጊያው ሞተር ይደርሳል። የሞተው ሞተሩ ነው። መፍቻዬን አንስቼ ያንን ጥያቄ ጠበቅሁ። የሚጠይቀኝ የለም። ሄጄ ሳሙና አመጣሁና መስታወቱ ላይ አሰመርኩ።

የሞተውን ፈታሁ፣ ለመጠባበቂያ ያስቀመጥኩትን ሌላ ሞተር ገጠምኩ፣ መጥረጊያውን መስመሩ ላይ አሳረፍኩ፣ ሳሙናዬን በኪሴ ይዤ ወንድሜን በሰዓቱ ቀበርኩ።