ኩርፊያና ድምፅ አልባው ፊልም

እናቴና አክስቴ ሲኮራረፉ ተላላኪዋ እኔ ነበርኩ። አሜሪካ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ባለችው ጠባብ አፓርታማችን ውስጥ አንድ ገበታ ቀርበው እናቴ «ጨው አቀብዪኝ በያት» ትለኛለች። አክስቴ ሰምታለች፤ ጨውም እጇ ሥር ነው። ግን እኔ ካልነገርኳት ወይ ፍንክች! ኤጭ፣ በዚህ ዕድሜዬ የሁለት ሴቶች ስልክ ሆኜ ቀረሁ።

እናቴ አሜሪካ ስትመጣ አዲስ አበባ ያሳደገችኝ አክስቴ ናት፤ ኋላ ሁለታችንም ተከትለናት መጣን። ሊያገባት የመጣውንም ሰው «ልጅቷን ጥዬ የትም አልሄድም» ብላ መለሰችው። ታዲያ እናቴ አንድ ቀን በእንግዳ ፊት «ማን አታግቢ አላት?» ብላ ቁጭ! አክስቴ እዚሁ አሜሪካ፣ አሌክሳንድሪያ ላንድማርክ ሰፈር የምትኖር ጓደኛዋ ዘንድ ክፍል አገኘችና «እሁድ ሙቭ ላደርግ ነው በያት» አለችኝ። ሻንጣዋ ኮሪደሩ ላይ ቆመ።

ቅዳሜ ከሥራ ኦፍ ነበርኩ። ሰፈራችን ያለው ሲኒማ ቤት የድሮ ድምፅ አልባ ፊልም በኦርጋን አጅቦ ሊያሳይ ነው ሲባል ሰምቼ ሁለቱንም ጎትቼ ወሰድኳቸው። መሐላቸው ተቀመጥኩ፤ የት ይቀርልኛል! ፊልሙ ላይ አንድ ሰው የወንድሙን ጥፋት በራሱ ወስዶ ይታሰራል። እጮኛው እውነቱን ሳታውቅ በሰው ፊት ታዋርደዋለች። ጽሑፍ ብቅ ባለ ቁጥር አንዴ ወደ ቀኝ፣ አንዴ ወደ ግራ እያንሾካሾኩ እተረጉማለሁ።

ሰውየው ሲፈታ እጮኛው እውነቱን ሰምታ እስር ቤቱ በር ላይ ጠበቀችው። ጽሑፍ መጣ። እኔ ግን ለቅሶ አፍኖኝ መናገር አቃተኝ። እናቴ ትዕግሥቷ አልቆ በላዬ ተንጠራራችና አክስቴን «ምን አለችው?» አለቻት።

አክስቴ እንግሊዝኛ አታነብም። ዓይኗን ከስክሪኑ ሳትነቅል «ይቅርታ አለችው» አለች።

«እሱስ?»

«ገና ነው። እያያት ነው።»

መኪና ውስጥ አክስቴ ከኋላ ገባች። እናቴ ከጎኔ ተቀምጣ «አትሂጂ በያት» አለችኝ።

«እማዬ፣ ራስሽ ንገሪያት!» አልኩ ተናድጄ።

እናቴ የመቀመጫ ቀበቶዋን ፈታ ወደ ኋላ ዞረች። «እኅቴ፣ ምን ነክቶኝ እንደዚያ እንዳልኩ እንጃ። አፌን ይቁረጠው። ልጄን ያሳደግሽልኝ አንቺ ነሽ። አትሂጂብኝ።»

ሞተሩን አስነስቼ ከፓርኪንጉ ከወጣን በኋላ አክስቴ አፍንጫዋን ስትጠርግ ሰማኋት።

«ሰምቻለሁ በያት» አለች።

ነገርኳት። ቤት ስንደርስ እናቴ ሻንጣውን እየጎተተች ወደ አክስቴ ክፍል አስገባችው፤ አክስቴም በሩን ያዘችላት።