ወንድሜ ወደ ትልቁ ሊግ የተጠራበት ሳምንት

ለንደን የመጣሁት ከዘጠና ሰባቱ ምርጫ በኋላ ነው። አባባና ታናሽ ወንድሜ ቀድመውኝ ከመጡ ዓመታት አልፈው ነበር። እኔ ከስድስተኛ ክፍል ያቋረጥኩት እናታችንን ለማስታመም ነው፤ እሷ ካረፈች በኋላ አባባ አስመጡኝ።

ኬንቲሽ ታውን በሚባለው ሰፈር ከማዘጋጃ ቤቱ ከተከራየነው ፍላት ጀርባ አስፋልት የለበሰ ግቢ ነበር። ወንድሜ ፓርክ ውስጥ ከሚጫወቱ አሜሪካውያን ቤዝቦል የሚሉትን፣ ኳስ በዱላ የሚመታበትን ጨዋታ ለምዶ፣ ከትምህርት ቤት ሲመለስ እየጎተተ ያስወጣኛል። የእኔ ሥራ ኳሷን መሬት ለመሬት መላክ ነው፤ እሱ ጎንበስ ብሎ በጓንቱ ይለቅማትና ቀና ሳይል ወደ ግድግዳው ይወረውራታል።

«እትዬ፣ ሽሮ እያማሰልሽ ነው እንዴ? ጠንከር አድርጊያ!» ይለኛል።

ጎረቤቶች በመስኮት ሲያዩን አፍራለሁ። ሻርፔን ወደ ግንባሬ ሳብ አድርጌ እንደገና እወረውራለሁ።

በአሥራ ስምንት ዓመቱ አንድ የአሜሪካ ኮሌጅ እየተጫወተ እንዲማር ወሰደው። አባባ አውቶቡስ ነጂ ነበሩ፤ ለባልደረቦቻቸው «ልጄ ኢንጂነሪንግ ሊማር ሄደ» ይላሉ እንጂ ኳሱን አያነሱም። ኮሌጁን ሲጨርስ አንድ ቡድን መረጠው። እኛም የደረሰ መስሎን ጎረቤት ጠርተን ደገስን። ለካ ከትልቁ ሊግ ሥር ሌሎች ሊጎች አሉ፤ አንድ በአንድ ነው የሚወጡት። አምስት ዓመት በአውቶቡስ ከከተማ ከተማ ዞረ። «ክንድህ ከሩቅ ለመወርወር አይበቃም» ብለው ውርወራው ወደሚያጥርበት፣ ሁለተኛው ቤዝ ወደሚሉት ቦታ አዛወሩት። ቁርጭምጭሚቱ ተሰብሮ አንድ ሙሉ ዓመት ተቀመጠ። ሁልጊዜ ወደ ሜዳ ከመሄዱ በፊት ይደውላል፤ እኛ ዘንድ ከሰዓት በኋላ ነው። እኔ ከሚለው ይልቅ ድምፁን ነበር የማዳምጠው፣ አባረውት ይሆን እያልኩ።

አባባ የወደቁት እሱ አንድ ደረጃ ሲቀረው ነው። ጭንቅላታቸው ውስጥ ደም ፈሶ አንድ ጎናቸው ሽባ ሆነ፣ መናገርም ተሳናቸው። የአባባ ወንድም፣ አጎቴ፣ ሆስፒታሉ ኮሪደር ላይ ወደ ጥግ ወሰዱኝ።

«ለልጁ እንዳትነግሪ።»

«ቢጠይቀኝስ?»

«ተኝተዋል በይው። ልጁ ደጃፉ ላይ ነው። አሁን ብንነግረው ጥሎ ይመጣል፣ ቦታውን ሌላ ይይዝበታል። ሲሻላቸው ራሳቸው ይነግሩታል፣ ኢንሻአላህ።»

እኛ ዘንድ ክፉ ወሬ ሩቅ ላለ ሰው በስልክ አይነገርም፤ ሰው ተሰብስቦ፣ ጊዜ ተመርጦለት ነው። በአጎቴ ፊት ደግሞ ቀና ብዬ ተናግሬ አላውቅም። እሺ አልኩ።

አንድ ቀን ተኝተዋል፣ አንድ ቀን መስጊድ ሄደዋል፣ አንድ ቀን ስልካቸው ተበላሽቷል። የሚደውልበት ሰዓት ሲቃረብ ሥራ ቦታ የወለወልኩትን ወለል ሳላውቀው ደግሜ እወለውላለሁ።

«አባባ አኩርፈውኛል እንዴ?» አለኝ አንዴ እየሳቀ። ከዚያ ሳቁን አቆመ። «ኖ፣ ሲሪየስሊ፣ ምን አደረግኩ?»

«ጉሮሯቸውን አሟቸው ነው። ድምፃቸው ተዘግቷል» አልኩት።

በሦስተኛው ሳምንት አባባ አልጋ አጠገብ ተቀምጬ ሳለ ደወለ።

«እትዬ፣ ጠሩኝ! ወደ ትልቁ ሊግ ጠሩኝ! ነገ እጫወታለሁ! አባባን አቅርቢልኝ፤ ባይናገሩም ይስሙኝ።»

ስልኩን ጆሯቸው ላይ ያዝኩላቸው። «አባባ፣ ገባሁ» ሲል ይሰማኛል። ደህናዋ እጃቸው መዳፌ ውስጥ ነበረች። ጨበጠችኝ።

በማግስቱ ጨዋታውን እዚያው በስልኬ አየሁት። እሱ ዘንድ ቀን ነው፣ እኛ ዘንድ እየመሸ ነበር። አንዲት ኳስ መሬት ለመሬት እየነጠረች ወደ እሱ ስትመጣ ዓይኔን ጨፈንኩ። ስገልጥ ለቅሞ ወርውሯታል፤ ጓደኞቹ ጀርባውን መታ መታ ያደርጉታል። አባባ ዓይናቸው እንደተከደነ ነበር። በነጋታው ረፋድ ላይ አረፉ።

አጎቴ «የጨዋታው ሲዝን እስኪያልቅ አይነገረው» አሉ። ሰዉም ልክ ናቸው አለ። በቀጣዩ ቀን ወንዶቹ ከቀብር ተመልሰው ገና ሳይቀመጡ ስልኬ ጮኸ። አጎቴ በዓይናቸው ጠቀሱኝ። ከቤት ወጥቼ ደረጃው ላይ ቆምኩ። ያቺን የለመድኳትን ውሸት ልናገር አፌን ከፈትኩ፣ እምቢ አለችኝ።

«ዛሬ ቀበርናቸው» አልኩት።

ሁሉንም ነገርኩት።

«ለዚህ እኮ ፈቃድ አለ» አለ ስጨርስ። «ቦታህን ጠብቀው ይይዙልሃል። ባለፈው ወር አንዱ ልጅ እናቱ ታማ ሄዶ ተመልሷል። አንድ ስልክ ብቻ ነበር'ኮ፣ እትዬ።»

«አላወቅንም።»

ማናችንም አልጠየቅንም። አጎቴ የሚያውቁት አንድ ቀን ከቀሩ በማግስቱ ሌላ ሰው የሚገባበትን ሥራ ነው።

ወንድሜ መጥቶ ሦስት ቀን ከለቀስተኛው ጋር ተቀመጠ። አጎቴን እጃቸውን ሳመ፣ ከዚያ ሌላ አላናገራቸውም። ሊሄድ ሲል ወጥ ቤት ገብቶ በሩን ዘጋ።

«የዚያን ቀን ስደውል ሰምተውኛል?»

«ሰምተውሃል። እጄን ጨበጡኝ።»

«እውነትሽን ነው?»

«ወላሂ።»

ፊቴን ሲያይ ቆየ።

«ተኝተዋል ስትዪኝም ድምፅሽ ልክ እንደዚህ ነበር» አለኝ። ታክሲው ታች ጥሩንባውን ሲነፋ ቦርሳውን አንስቶ ወጣ።