ዘሊካ የዞረችው ሐይቅ

ጀላል ከመካነ ሰላም ወረድ ብላ ባለች መንደር የውሃ አባት ነበር፤ የምንጩን ውሃ በየተራ ለየማሳው የሚያከፋፍል፣ ቦይ የሚያስጠርግ፣ ተራ የነጠቀውን የሚዳኝ። ሚስቱ ዘሊካ ኩዌት በሰው ቤት ሠርታ በ2000 ዓ.ም. ስትመለስ መንደሩ ስለ ፎቁና ስለ መኪናው ጠየቃት። እሷ ግን የምታወራው ስለ አንድ ሐይቅ ነበር።

አሠሪዎቿ ሙቀቱ ሲጠናባቸው እሷንም ይዘው «ነምሳ» ወደሚሉት አገር፣ ወደ ኦስትሪያ፣ ይሄዱ ኖሯል። እዚያ በተራሮች መሃል ትንሽ ሐይቅ አለ፤ ማልዶ የተነሣ ሰው ዞሮት ለቁርስ ይደርሳል። ከበረዶው የሚቀልጠው ጅረት በፀሐይ መግቢያ በኩል ድንጋይ እያንከባለለ ይገባና ሐይቁ ውስጥ ድምፁ ይጠፋል። በታችኛው ጫፍ ደግሞ ሸምበቆ ለሸምበቆ ሹልክ ብሎ በጠባብ ቦይ ይወጣና ወደ ትልቁ ወንዝ ይወርዳል። በብርድ ወራት ላዩ ረግቶ በረዶ ይሆንና ሰው ይሄድበታል።

ሌላው «ወላሂ?» እያለ ሲሰማ ጀላል ውስጡ ይቃጠል ጀመር። ውሃ የሚያውቅ ሰው ነዋ። የውሃ መግቢያ ይጮሃል፣ ለማንም ይታያል፤ መውጫውን የሚያውቀው ግን ያገሩ ሰው ነው። እሱ ራሱ ዘሊካ ገና ታጭታ ሳለች ፍቅሩን የገለጠላት ከምንጩ ራስ እስከ ቦዩ ጭራ እየመራ ውሃውን በማሳየት ነበር። ታዲያ ያንን መውጫ ማን አሳያት? ሰውየውን በሐሳቡ ሣለው፤ ቁመቱን፣ አረማመዱን፣ ጫማውን ሳይቀር። ቅናት የያዘው ሰው ካየው ይልቅ ያላየው ጥርት ብሎ ይታየዋል።

በዚያ ሰሞን ልቡ ሸፍቶ ተራ አዛባ፤ የሰው ጎመን ደረቀ። ትልልቆቹ ሌላ የውሃ አባት ይፈለግ ማለት ጀመሩ። አልታየች የምትባል ጎረቤታቸው ነገሩ ገብቷት፣ «ጀላል፣ ከሐይቅ ተጣላህ አሉ። ሽማግሌ እንላክበት?» ስትል አሾፈችበት።

አንድ ረፋድ ባልና ሚስት ከቦዩ ደለል ሲጠርጉ አላስችለው አለ።

«የሐይቁን መውጫ ያሳየሽ ማነው?»

ዘሊካ አካፋዋን ተደግፋ ቆመች። ለካ ተራ ያስዛባው ይኼ ኖሯል።

«አንተ ነሃ» አለችው። «ውሃ ከራሱ እስከ ጭራው ካልሄዱበት አይታወቅም ያልከኝ ማነው? የአሠሪዬን እናት በተሽከርካሪ ወንበር እየገፋሁ ነው የዞርኩት። እሳቸው አይናገሩ፣ እኔ የማናግረው የለኝ። ስትናፍቀኝ ምን ላድርግ፣ ውሃውን ተከተልኩት።»

ጀላል አንገቱን ደፍቶ ደለሉን ይዝቅ ገባ። ያ የሣለው ሰው ከነጫማው ጠፋ። ደስ አለው፤ አፈረም። ጥቂት ዛቀና ግን ቀና አለ።

«እሺ፣ የምትሄዱት በሙቀት ጊዜ አይደል? በብርድ እንደሚረጋስ ማን ነገረሽ?»

«ያረፍንበት ሆቴል ግድግዳ ላይ ሐይቁ ረግቶ ሰው ሲሄድበት የሚያሳይ ፎቶ ተሰቅሏል» አለችና ውሃውን ወደ ደረቀው ጎመን ለቀቀችው። «ደግሞ ማን ሰቀለው በለኝ።»

ጀላል ተመልሶ ወደ ደለሉ ጎንበስ አለ። እውነትም እንደዚያ ሊላት ነበር።