ወፍራም ሰው የጠፋበት ቲያትር

ዛሬ አዲስ አበባ ውስጥ የቴሌቪዥን ኮሜዲ አዘጋጅና ዳይሬክተር ነኝ። ሙያውን የት እንደጀመርኩ ሲጠይቁኝ «መካነ ሰላም» እላለሁ፤ የቀለድኩ ይመስላቸዋል።

በሰባ ሰባቱ ረሃብ ጊዜ እዚያ አስተማሪ ነበርኩ። አብዮቱ እህል ማድረስ ቢያቅተው ቲያትር ማድረስ አላቃተውምና፣ የአውራጃው የኪነት ቡድን አስቂኝ ቲያትር እንዲያሳይ ታዘዘ። አዘጋጁ እኔ ሆንኩ። ታሪኩ ከላይ ተወስኖ ነው የመጣው፦ የድሮ ባላባት ጎተራው ሞልቶ ጭሰኛውን ያስርባል፣ ሕዝቡ በባላባቱ ይስቃል፣ አብዮቱ ይመሰገናል።

ችግሩ ባላባት የሚሆን ሰው ማግኘት ነበር። ተዋንያኑ ሁሉ ከስተዋል። የአንዱን ሆድ በትራስ አሳብጠን ሞከርነው፤ ጉንጩ ተጣብቆ፣ አንገቱ ሰንበሌጥ አክሎ፣ ትራስ የሰረቀ ሌባ መሰለ። በከተማው ወፍራም የሚባል አንድ ሰው ብቻ ነበር፤ እሱም የእርዳታ እህል የሚያከፋፍለው ካድሬ።

ፈራ ተባ እያልኩ ቢሮው ሄድኩ። ይቆጣል ስል ፊቱ በራ።

«ዋናው ሰውዬ ነው?» አለኝ።

«አዎ ጓድ። መድረክ የሚሞላ ሰው ነው የቸገረን።»

«ልክ ነህ፤ ለዚህ ቁመና ያስፈልጋል» አለና ሆዱን ደባበሰ።

ልምምድ ላይ አንዲት ዓረፍተ ነገር እንኳ አልያዘም። ሌሎቹ ሲያጠኑ እሱ ካባውን እየለካ መስታወት ያስይዛል።

የመጀመሪያውን ትርኢት በገበያ ቀን፣ ከእህል መጋዘኑ ፊት ለፊት ባለው ሜዳ ላይ አሳየን። ተመልካቹ እህል ልቀበል ብሎ ከገጠር የመጣ ገበሬ ነው፤ ጠዋት «ዛሬ የለም» ተብሎ ወደ ቲያትሩ ተነዳ። ካድሬው ካባ ደርቦ ገለባ በተሞላ ጆንያ ላይ ተቀመጠ። ጭሰኛ የሆነው ተዋናይ ፊቱ ተንበርክኮ «ጌታዬ፣ ልጆቼ ሊያልቁብኝ ነው፤ አንድ ቁና ያበድሩኝ» አለው።

ካድሬው ቃሉ ጠፋበት። ወደ እኔ አየ፤ ከንፈሬን እያንቀሳቀስኩ ላስታውሰው ሞከርኩ፤ አልገባውም። በመጨረሻ አፉ የለመደውን አወጣ፦

«ስምህ አልተላለፈም። ሐሙስ ተመለስ!»

ከዚያ ከመሀል ነጠላዋን የተከናነበች እናት «ሐሙስም መጥተን ነበር፣ ጌታው!» አለች።

ሰው በሳቅ ፈነዳ። ከዚያ ወዲህ በየስቱዲዮው ብዙ ሳቅ ሰምቻለሁ፤ እንዲያ ያለውን ግን አልሰማሁም። ጉልበት ያጣ ሰው እያሳለ፣ ጎረቤቱን ተደግፎ ይስቃል። አንድ ሽማግሌ ቄስ ጋቢያቸውን አፋቸው ላይ ይዘው ትከሻቸው ይንቀጠቀጥ ነበር።

ካድሬው ብድግ ብሎ እጅ ነሳ።

«አየህ?» አለኝ ሲወርድ፣ ላቡን እየጠረገ። «ከራሴ ነው ያፈለቅኳት። ድርሰቱ ውስጥ አስገባት።»

አስገባኋት። ወደ ጎረቤት ወረዳ፣ ወደ ወግዲ ወርደን ስናሳይ ሳይጠየቅ ደጋገማት፤ ሕዝቡም «ሐሙስ» ሳይል ገና መሳቅ ጀመረ። ከፊት የተቀመጠ አንድ ከደሴ የመጣ ኃላፊ ብቻ አልሳቀም። ሲያልቅ ጠራኝ።

«ይቺን የሐሙሷን ማን ጻፋት?»

«ጓድ ራሳቸው ናቸው።»

«ሕዝቡ በማን እንደሚስቅ ታውቃለህ?»

«በባላባቱ ነዋ፣ ጓድ። በድሮው ባላባት።»

ትኩር ብሎ አየኝ። ደደብ ልሁን ተንኮለኛ የለየለት አይመስለኝም፤ ለሁለቱም ቅጣቱ አንድ ነበር። ቲያትሩ ታገደ። እኔ ወደ ማሻ በኩል ለመሠረተ ትምህርት ተላክሁ። ካድሬው ግን «ሕዝብ የማነቃቃት ችሎታ ያለው» ተብሎ ወደ ደሴ አደገ።

ልሄድ ስል ያቺን እናት ለሰፈራ በሚጭኑበት መኪና ላይ አየኋት። አወቀችኝ።

«ቲያትርህ መልካም ነበር፣ ልጄ» አለችኝ። «ሰውዬው ግን ቲያትር አልሠራም።»

የት እንዳደረሷት አላውቅም። ጠይቄም የነገረኝ የለም።

ካድሬውን ግን አግኝቼዋለሁ። መንግሥት ከተለወጠ ከብዙ ዓመት በኋላ አዲስ አበባ ውስጥ ለቅሶ ቤት አጠገቤ መጥቶ ተቀመጠ፤ ቦርጩ እንዳለ ነው።

«ስምህን በቴሌቪዥን አያለሁ» አለኝ። «ያኔ ሕዝቡ እንዴት ይወደኝ ነበር! ደሴ ባይወስዱኝ ትልቅ ተዋናይ ይወጣኝ ነበር።»

«ይወጣዎት ነበር» አልኩት።

ረክቶ ራሱን ነቀነቀ። ንፍሮ ሲዞር ሁለት እጁን ዘረጋ።